ወደ «ቢሆን ኖሮ» ቤት፦ የሕልም ላቢሪንት ጉዞ

«ቢሆን ኖሮ» ማለሜን እያወቅሁ በሕልሜ የምገባበት ቤት ነው፤ ውስጡ ላቢሪንት፣ ማለትም ጠመዝማዛ መተላለፊያ ነው። ወደዚያ የሚኬደው ሊነጋጋ ሲል ነው። አንድ የእንቅልፍ ዙር 90 ደቂቃ ያህል ይወስዳል፤ ሕልም የሚደምቅበት ሬም የሚባለው ደረጃ ደግሞ በመጀመሪያዎቹ ዙሮች አጭር ሆኖ ወደ ንጋት እየረዘመ ይሄዳል። ስለዚህ 5 ሰዓት ያህል ተኝቼ እነቃለሁ፣ ግማሽ ሰዓት መብራቱን ቀንሼ እቀመጣለሁ፣ ከዚያ «አሁን ሳልም ማለሜን አውቃለሁ» እያልኩ ተመልሼ እጋደማለሁ። ስልክ አይነካም፤ እንቅልፍ ከሸሸ ጉዞው ቀረ።

በሩ ላይ የተጻፈ ነገር አለ። ምን እንደሚል ለማወቅ አትጓጉ፤ አንዴ አንብባችሁ ዞር በሉና እንደገና አንብቡት። በሕልም ጽሑፍ አይረጋም፣ በሁለተኛው ንባብ ብዙ ጊዜ ፊደሉ ተቀያይሮ ይገኛል። ካልተቀየረ አፍንጫችሁን ጥርቅም አድርጋችሁ ይዛችሁ በዚያው ለመተንፈስ ሞክሩ፤ አየር ከገባ ደርሳችኋል። ጀማሪ የሚባረረው እዚህ ላይ ነው፦ ደስታው ልቡን ያስደልቅና ያነቃዋል። እኔ መዳፎቼን እያሸሁ ነው የምገባው፤ ሐሳብ በመዳሰስ ላይ ሲያርፍ ሕልሙ ይጸናል።

ፈረንሳይ ውስጥ በሻርትር ካቴድራል ወለል ላይ የተነጠፈው ላቢሪንት 11 ዙር አለው፤ መንገዱ ግን አንድ ብቻ ስለሆነ የተራመደ ሁሉ መሃሉ ይደርሳል። ይኼኛው እንደዚያ አይደለም። እዚህ እያንዳንዱ መታጠፊያ ውሳኔ የተሰጠበት ቦታ ነው፤ በአንዱ በኩል የሆነው፣ በሌላው በኩል ሳይሆን የቀረው ተቀምጧል። አሜሪካዊው የፊዚክስ ሊቅ ሂዩ ኤቨረት እ.ኤ.አ. በ1957 ካሳተመው የኳንተም ፊዚክስ (የጥቃቅን ቅንጣቶች ሳይንስ) ሐሳብ በመነጨው አተረጓጎም፣ ሊሆን የሚችለው ሁሉ በየቅርንጫፉ ይሆናል፤ የአንዱ ቅርንጫፍ ሰው ግን ሌላውን አያይም። በዚህ ቤት የሚለያያቸው ክንድ የማይሞላ ግድግዳ ነው፤ ጆሮውን ለለጠፈ ማዶው ይሰማል።

እኔ ረጅም ጊዜ የቆየሁት በዛፉ ክፍል ነው። ከግድግዳው ወዲህ ጉቶ አለ፣ ቀለበቶቹ ይቆጠራሉ። ከወዲያ ያው ዛፍ ቆሟል፤ ሥሩ የወለሉን ንጣፍ ፈንቅሎታል። ግንዱ ላይ ጣት የሚያስገባ የመጥረቢያ ምት አለ፣ አንዴ ተመትቶ የተተወ። ቅርፊቱ ከዳርና ዳር አብጦ ቁስሉን ሊከድነው ተቃርቧል፤ ዛፍ የተጎዳውን እንጨት መልሶ አያድነውም፣ ከጠርዝ እያደገ ይዘጋበታል እንጂ። መጥረቢያውን የያዘው ሰው ለምን እንደተወ ክፍሉ አይናገርም። መተዉ ብቻ ተጠብቆ ቆይቷል፣ እሱም ለእኔ ከበቂ በላይ ነው። ዓይንን አንድ ቦታ ላይ ተክሎ መቆየት ግን ሕልሙን ያፈርሰዋል፤ ከቅርፊቱ ወደ ሥሩ፣ ከሥሩ ወደ እጃችሁ እያፈራረቃችሁ እዩ።

ብዙ ሰው የሚጠፋው በመመለሻው ነው። ቀኝ እጅን ከግድግዳ ሳያነሱ መሄድ የሚሠራው ግድግዳው ከውጪው አጥር ጋር ሲያያዝ ነው፤ እዚህ የመሃል ክፍሎቹ ተነጥለው ስለቆሙ ያንኑ በር ስትዞሩት ታድራላችሁ። በጠመኔ ምልክት ማድረግም አያዋጣም፣ እሱም ይቀየራል። የሚሻለው መታጠፊያዎቹን ድምፅ አውጥቶ መደርደር ነው፦ «ቀኝ፣ ቀኝ፣ ግራ»። ስትመለሱ ከመጨረሻው ትጀምሩና አቅጣጫውን ትገለብጣላችሁ፦ «ቀኝ፣ ግራ፣ ግራ»። ከ7 መታጠፊያ በላይ መዝለቅ አልመክርም፤ ተርታው ይምታታል።

ከበሩ ስትወጡ የውሸት መንቃት ያጋጥማል፦ አልጋው፣ ደብተሩ፣ እስክሪብቶው በቦታው ሆኖ እናንተ ገና ሕልም ውስጥ ናችሁ። አፍንጫን ይዞ መፈተን እዚህም ይሠራል። በእውነት ስትነቁ አትገላበጡ፤ ዓይናችሁን ጨፍናችሁ ከመጨረሻው ክፍል ወደ ኋላ አስታውሱ። ከዚያ መጀመሪያ መታጠፊያዎቹን፣ ቀጥሎ ክፍሉን፣ በመጨረሻም ያነቃችሁን ነገር ጻፉ። ብዙዎች ይህን ሦስተኛውን ይዘሉታል፤ ለሚቀጥለው ጉዞ ግን ደስታው ይሁን፣ የዓይን መተከል ይሁን፣ የውጭ ድምፅ ይሁን ለይቶ የሚያስጠነቅቃችሁ እሱ ነው።