እንኳን አደረሳችሁ፤ የጣሪያውን አሸንዳም አትርሱት

ውድ ወዳጆቻችንና ተከታዮቻችን፣ እንኳን ለበዓሉ በሰላም አደረሳችሁ!

የትንሽ ከተማ አሮጌ ሆቴል ከአልጋው ይልቅ በአዳራሹና በበረንዳው ነው የሚታወቀው። ሠርግ የሚደገሰው፣ ስብሰባ የሚጠራው፣ መንገደኛ መኪና የሚጠብቀው እዚያው ነው። «ሆቴሉ ጋ እንገናኝ» ከተባለ የትኛው ብሎ የሚጠይቅ የለም።

በዓል ሲቃረብ ታዲያ ሁሉም ቀለም ይቀባ ይላል። እኛ ደግሞ መጀመሪያ አሸንዳው እንላለን። ቅጠል የደፈነው አሸንዳ ውሃውን ወደ ግድግዳው ይመልሰዋል፤ ግድግዳው ውስጥ የተቀበረው የወራጅ (የተሸካሚ እንጨት) ጫፍ ደግሞ ማንም ሳያየው ይርሳል። የእርጥበት መጠኑ ከ20 በመቶ በላይ ሆኖ የቆየ እንጨት ለመበስበስ ይጋለጣል። ችግሩ በደረቅ ቀን አይታይም፤ ዝናብ እየጣለ ጃንጥላ ይዞ ሕንፃውን አንዴ መዞር ይበቃል።

ትልቁ ጥፋት ግን በበጎ ሐሳብ የሚመጣው ሲሚንቶ ነው። በኖራ የተገነባ ግድግዳ የሳበውን እርጥበት መልሶ ያስወጣል። ሲሚንቶ ሲለሰንበት መውጫ ያጣው ውሃ ከነጨው ወደ ጡቡ ይገባና ፊቱን ይፈረፍረዋል። ፕላስቲክ ቀለምም ያው ነው። በድንጋዮቹ መካከል ያለው መገጣጠሚያ ሲታደስ የተለመደው ልክ 1 እጅ ኖራ ለ3 እጅ አሸዋ ነው፤ አስቀድሞ ድንጋዩን ማራስ፣ በስስ ንብርብር መሙላት፣ ከዚያ በእርጥብ ጆንያ መሸፈን ያስፈልጋል። የቸኮለ ግንበኛ የሚዘለው ጆንያውን ነው። ኖራ ግን የሚጠነክረው ከአየር ካርቦን ዳይኦክሳይድ እየወሰደ ስለሆነ፣ በፀሐይ ቶሎ ከደረቀ ዱቄት ሆኖ ይቀራል።

እ.ኤ.አ. በ1964 የወጣው ዓለም አቀፍ የቅርስ ጥበቃ ሰነድ፣ የቬኒስ ቻርተር፣ በአንቀጽ 5 ቅርስን ለኅብረተሰብ ጥቅም ማዋል ጥበቃውን እንደሚያግዝ ይናገራል፤ የሕንፃው አቀማመጥና ጌጥ እስካልተለወጠ ድረስ። እውነት ነው፤ ዓመቱን ሙሉ የተቆለፈ ፎቅ ይሻግታል፣ የማይከፈት መታጠቢያ ቤት ደግሞ በቱቦው ጉብጠት የተቋጠረው ውሃ ተንኖ የፍሳሽ ሽታ ያስገባል። መስኮት መክፈትና ቧንቧ ማፍሰስ በሳምንት አንዴ ቢሆን ብዙ ነው። (ለበዓሉ የሚጨመሩ ወንበሮች ደረጃው ሥር አይከመሩ! ክፍት የእንጨት ደረጃ እሳት ሲነሣ ጭስ ማውጫ ይሆናል።)

አንድ ልመና አለን። በሆቴሉ በር ላይ የተነሣችሁት የሠርግ ፎቶ ካለ ፈልጉት። ከሙሽሮቹ ጀርባ ያለው መስኮት ስንት መስታወት እንደነበረው፣ የበረንዳው መደገፊያ ምን ዓይነት እንደነበር አናጢው የሚያነበው ከዚያ ነው። ዓመቱን ከጀርባው ስትጽፉ በለስላሳ እርሳስ ይሁን፤ የብዕር ቀለም ወደ ፎቶው ፊት ይዘልቃል።

መልካም በዓል!