አቼቶ የሸተተው ጥቅልል

ጎንደር ፒያሳ ያለችው ሱቄ የምትኖረው የሠርግ ካሴት ወደ ፍላሽ በመገልበጥ ነው። ባለፈው ክረምት ጎረቤታችን እማማ አንድ ክብ ቆርቆሮ በነጠላቸው ጠቅልለው መጡ። ባለቤታቸው፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ የውጭ አገር ሰዎች ሾፌር ነበሩ፤ ፊልሙን ያነሳው ፈረንጅ አገሩ ሲገባ ትቶላቸው ነው። «አቼቶ የፈሰሰበት መስሎኝ በሳሙና ላጥበው ነበር» አሉኝ።

እንኳንም አላጠቡት። የሚሸተው ፊልሙ ራሱ ነው። አሲቴት ከሚባል ፕላስቲክ የተሠራ ፊልም በሙቀትና በእርጥበት ሲፈርስ አሴቲክ አሲድ ያወጣል፤ አቼቶን አቼቶ የሚያሰኘውም ያው አሲድ ነው። አንዴ ከጀመረ አይመለስም፤ ቅዝቃዜና ደረቅ አየር ያዘገዩታል እንጂ። እንፋሎቱም ጤነኛውን ፊልም ስለሚያስጀምር ለብቻው አስቀመጥሁት። ፊልሙ እየተኮማተረ እንደሚሄድም አውቃለሁ። ይህን ሁሉ እያወቅሁ ቸኩዬ አሮጌ ፕሮጀክተር ላይ ሰካሁት፤ የጠርዙ ቀዳዳዎች እንደ ጨርቅ ተተረተሩ። ወዲያው አጠፋሁት። ለእማማ እስከ ዛሬ አልነገርኋቸውም።

ከዚያ ወዲያ ሥራው በእጅ ሆነ። 16 ሚሊሜትር ፊልም በአንድ ጫማ 40 ምስል ይይዛል፤ ጥቅልሉ 100 ጫማ ስለሆነ 4,000 ምስል ማለት ነው። ከሥር መብራት አድርጌ አንድ በአንድ በካሜራ አነሳኋቸው። መብራት የጠፋባቸውን ሳልቆጥር አሥራ አንድ ሌሊት ፈጀብኝ።

ኮዳክ ፊልሙን የሠራበትን ዓመት ጠርዙ ላይ በክብ፣ በካሬና በሦስት ማዕዘን ምልክት ያትም ነበር። ክፋቱ፣ ምልክቶቹ በየ20 ዓመቱ ይደገማሉ። የእኔው በፈረንጆች አቆጣጠር 1945 ወይም 1965 ሆኖ ተገኘ። የፈረደልኝ ከፋሲለደስ ጥምቀተ ባሕር አጥር ውጭ የቆመ ቮልስዋገን ነው። በ1945 ጎንደር ላይ ቮልስዋገን ከየት ተገኝቶ!

ይበልጥ ያደከመኝ ፍጥነቱ ነው፤ ምስሉ በሰከንድ ስንት ሆኖ እንደተነሳ ፊልሙ ላይ አይጻፍም። በ24 ሳስኬደው ታቦት የተሸከሙት ካህናት ይሮጣሉ። ታቦት ሲሮጥ ማን አይቶ ያውቃል? 18 ሞከርሁ፤ አሁንም የሚጣደፉ መሰሉኝ። 16 ላይ ጃንጥላዎቹ ረጉ፣ ካህናቱም ልክ ለጥምቀት ቀሃ ወንዝ ወርጄ እንደማያቸው መራመድ ጀመሩ። በ24 ሲሄድ 2 ደቂቃ ከ47 ሰከንድ የነበረው 4 ደቂቃ ከ10 ሰከንድ ሆነ።

እማማን ጠርቼ አሳየኋቸው። ለታቦቱ ተነስተው አማተቡ፤ ከዚያ ግን ዓይናቸው ሰው ይፈልግ ጀመር። ቮልስዋገኑ ሲደርስ «አቁመው» አሉኝ። የፊት መስታወቱ ላይ ፀሐይ አርፎበታል፤ መሪው ላይ ያለው ሰው ጥላ ብቻ ነው።

«እሱ ነው፤ ታቦት ሲወርድ እንኳ መኪናውን ጥሎ አይሄድም ነበር።»

ያቺን ምስል አሳትሜ እንድሰጣቸው አዘዙኝ። ቁጥሯ 2,316 ናት።