ግማሹን ኖታ መተው፦ ከአንድ የፋንክ ሮክ አልበም ጋር ያሳለፍኳቸው ስምንት ወራት

የቤዝ ጊታር ልምምዴን ሂደት ለእናንተ ማካፈል ከጀመርኩ ወዲህ እንዳለፉት ስምንት ወራት ለረጅም ጊዜ የጠፋሁበት ወቅት የለም። ያጠፋኝ አንድ አልበም ነው። ሬድ ሆት ቺሊ ፔፐርስ የተባለው የሎስ አንጀለስ ባንድ እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 24 ቀን 1991 ያወጣውን «ብለድ ሹገር ሴክስ ማጂክ» ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው፣ 17ቱንም ሥራዎች፣ በቤዝ ተጫውቼ ለመጨረስ ወስኜ ነበር። እስካሁን የጨረስኩት 11ዱን ነው።

አልበሙን የመረጥኩት በተሳሳተ ምክንያት እንደነበር ከወዲሁ ልናገር። የባንዱ ቤዝ ተጫዋች ፍሊ ስሙ የገነነው ክሩን በአውራ ጣት እየመታ በሌላው ጣት እየነጠቀ በሚጫወተው ስላፕ ነው። እ.ኤ.አ. በ1989 የወጣው «ማዘርስ ሚልክ» በዚህ አጨዋወት የተሞላ ስለሆነ፣ የሚቀጥለው አልበም ከዚያም የባሰ ፍጥነት ይጠይቀኛል ብዬ ጣቶቼን አዘጋጅቼ ነበር። ሳዳምጠው ግን ስላፕ በጣም በጥቂት ቦታ ብቻ እንደሚገኝ፣ አብዛኛው በተራ የጣት አመታት የተሠራና ኖታውም የተቆጠበ መሆኑን አገኘሁ። ቀላል መሰለኝ። በሁለት ሳምንት ውስጥ አምስት ሥራዎችን «ጨረስኩ» ብዬ ደብተሬ ላይ ጻፍኩ።

በቅዳሜ ልምምዳችን ከበሮ የሚመቱልን በዕድሜ ብዙ የሚበልጡን፣ ለረጅም ዓመታት በሆቴል ባንዶች ውስጥ የተጫወቱ ሰው ናቸው፤ ሁላችንም ጋሼ እንላቸዋለን። ከአምስቱ አንዱን አብረን ስንሞክር ገና አንድ ደቂቃ ሳይሞላ ዱላቸውን አስቀመጡና «ልጄ፣ እኔ በምናገርበት ሁሉ አንተም ትናገራለህ፤ ኖታው ትክክል ነው፣ ግን መተንፈሻ አልሰጠኸኝም» አሉኝ። በዚያ ሳምንት የተቀዳውን ድምፅ ደጋግሜ ስሰማ፣ ኖታዎቹን በቦታቸው አስቀምጬ በመካከላቸው ያሉትን ዕረፍቶች ግን ሁሉንም በክሩ ቅሪት ድምፅ እንደሞላኋቸው ተረዳሁ። ከዚያ በኋላ ነው አልበሙ እንዴት እንደተሠራ ማንበብ የጀመርኩት፤ የተጫዋቹን ቁጥብነት ምክንያት ሳላውቅ ቁጥብነቱን መማር እንደማልችል ስለገባኝ።

ባንዱ የተመሠረተው እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ መጀመሪያ ሲሆን፣ ሁለተኛውን አልበሙን በ1985 የሠራለት ፋንክ ከተባለው በምት ላይ ያተኮረ የጥቁር አሜሪካውያን የዳንስ ሙዚቃ ታላላቅ ሰዎች አንዱ የሆነው ጆርጅ ክሊንተን ነው። በጁን 1988 ጊታር ተጫዋቹ ሂሌል ስሎቫክ በሄሮይን ምክንያት ሞተ፤ ከበሮ መቺውም ከዚህ ሐዘን በኋላ ባንዱን ለቀቀ። በጊታሩ ቦታ የመጣው ጆን ፍሩሻንቴ የባንዱ አድናቂ የነበረ የ18 ዓመት ልጅ ነው፤ ከበሮውን ደግሞ ቻድ ስሚዝ ተረከበ። የእነዚህ አራት ሰዎች የመጀመሪያ ሥራ «ማዘርስ ሚልክ» ነበር። ፕሮዲዩሰሩ ማይክል ባይንሆርን የጊታሩ ድምፅ ወፍራምና ከባድ እንዲሆን አጥብቆ ይፈልግ ስለነበር ወጣቱ ፍሩሻንቴ በዚህ ደስተኛ አልነበረም። አልበሙን ዛሬ ሳዳምጠው ይህ ግፊያ ይሰማኛል፤ ሁሉም በአንድ ጊዜ ጮክ ብሎ ይናገራል፣ ቤዙም ለመሰማት ሲል ኖታ ያበዛል።

ከዚያ በኋላ ባንዱ አሳታሚውን ኢኤምአይን ለቅቆ ሌላ አሳታሚ ፈለገ። መጀመሪያ የተስማማው ከሌላ ትልቅ ኩባንያ ጋር ነበር። የዋርነር ብራዘርስ ሪከርድስ ኃላፊ ሞ ኦስቲን ግን ፉክክሩን መሸነፉን እያወቀ ለድምፃዊው ለአንተኒ ኪዲስ ስልክ ደውሎ እንኳን ደስ ያላችሁ፣ ግሩም አልበም ሥሩ ብሎ መረቃቸው፤ የባንዱ አባላት በዚህ ተነክተው በመጨረሻ ወደ እርሱ ሄዱ። ለፕሮዲዩሰርነት የተመረጠው ሪክ ሩቢን የቢስቲ ቦይስን የሂፕ ሆፕ ሥራም የስሌየርን ከባድ ሜታልም የሠራ ሰው ነው። በሁለቱም ዓይነት ሥራው ውስጥ ድምፅን ከመደራረብ ይልቅ ማራቆትን እንደሚመርጥ ጆሮ ያለው ሁሉ ይሰማል።

የቀረጻው ቦታ ስቱዲዮ አልነበረም። ሩቢን በሎስ አንጀለስ ሎረል ካንየን የሚገኝ አንድ ትልቅ አሮጌ ቤት አዘጋጀ፤ የቀረጻ መሣሪያዎች ወደዚያ ተጓጓዙ፣ የድምፅ መሐንዲሱ ብሬንዳን ኦብራየንም ሥራውን እዚያው ያዘ። በ1991 የጸደይ መጨረሻ ኪዲስ፣ ፍሊና ፍሩሻንቴ በቤቱ ውስጥ እየኖሩ ቀረጹ። ስሚዝ ብቻ ቤቱ መንፈስ አለበት ብሎ ስላመነ በየቀኑ በሞተር ብስክሌት ይመላለስ ነበር። ኪዲስ አብዛኛውን የድምፅ ቀረጻ ያደረገው በዚያው ቤት ባለው መኝታ ክፍሉ ነው። በዚያ ቤት የተቀረጸውን «ፋንኪ መንክስ» የተባለ ጥቁርና ነጭ ዘጋቢ ፊልም ሦስት ጊዜ አይቼዋለሁ። የተማርኩት ትልቁ ነገር ሰዎቹ ሲጫወቱ እርስ በርሳቸው ዓይን ለዓይን መተያየታቸው ነው፤ እኔ እስከዚያ ድረስ ዓይኔ ከግራ እጄ ተነሥቶ አያውቅም።

ፍሊ ስለዚህ አልበም ሲናገር፣ ቀደም ሲል ከሚገባው በላይ ይጫወት እንደነበርና በዚህ ሥራ ግን የኖታውን ቁጥር በግማሽ ለመቀነስ መወሰኑን ገልጿል። ጥቂት ሲጫወቱ ለሁሉም ቦታ ይኖራል፤ አልፎ አልፎ የሚመጣው ውስብስብ ሐረግም ጎልቶ ይሰማል የሚል ሐሳብ ነው ያለው። ይህን ካነበብኩ በኋላ አምስቱን «የጨረስኳቸውን» ሥራዎች ከደብተሬ ሰርዤ እንደገና ጀመርኩ።

በ«ጊቭ ኢት አወይ» ላይ አምስት ሳምንት ቆየሁ። የቤዙ ሐረግ ከታች ወደ ላይ እየተንሸራተተ የሚሄድ ሲሆን፣ ሁሉም ሰው የሚያስታውሰውም ያንን መንሸራተት ነው። አስቸጋሪው ግን እርሱ አይደለም። ጣቱ ደርሶ ካቆመ በኋላ ክሩን ወዲያው ማፈን፣ ቀጣዩ ኖታ እስኪመጣ ድረስም የከበሮው ድምፅ ብቻውን እንዲቆም መተው ነው የከበደኝ። ምት የሚቆጥርልኝን መሣሪያ፣ ሜትሮኖሙን፣ በደቂቃ 60 ምት ላይ አድርጌ፣ ኖታውን ሳይሆን ዕረፍቱን ጮክ ብዬ እየቆጠርኩ ተለማመድኩ። የቀኝ እጄ አውራ ጣት በማይመታው ክር ላይ እንዲያርፍ፣ ግራ እጄም ክሩን ሳይለቅ ጫናውን ብቻ እንዲያላላ ማድረግ ትልቁ መፍትሔ ሆነልኝ። በዚህ ችግር ላይ ያላችሁ ካላችሁ አምፕሊፋየራችሁን ጮክ አድርጋችሁ ሞክሩት፤ ዝቅ ባለ ድምፅ የክሩ ቅሪት ስለማይሰማ ራስን ማታለል ቀላል ነው።

«ብሬኪንግ ዘ ገርል» ሌላ ትምህርት ሰጠኝ። ምቱ ስድስት በስምንት በመሆኑ፣ በችክችካ ያደገ ጆሮ ላለው ሰው ቤቱ የገባ ያህል ይሆናል ብዬ ነበር። ቁጥሩ አንድ ቢሆንም አካሄዱ ለየቅል ነው። እኛ የለመድነው ችክችካ ረጅምና አጭር ምትን እያፈራረቀ ወደፊት ይገፋል፤ ይህኛው ግን ስድስቱን ምቶች አሰልፎ እንደ ማዕበል ያወዛውዛል። እጄ ሳላስበው ወደ ለመደው እየተሳበ ሁለት ሳምንት አሰቃየኝ። ጋሼ ችክችካውንና ይህን ምት በአንድ ከበሮ እያፈራረቁ ሲመቱልኝ ነው ልዩነቱ በሰውነቴ የገባው። በመካከሉ የሚሰማውን የብረት ኳኳታ የባንዱ አባላት ከተጣለ ቁርጥራጭ ብረት እንደሠሩት ማወቄም ክፍሉን በፍቅር እንድጠብቀው አድርጎኛል።

«አንደር ዘ ብሪጅ» የተወለደው ኪዲስ በማስታወሻ ደብተሩ ከጻፈው የብቸኝነት ግጥም ነው። ከአደንዛዥ ዕፅ ርቆ ከጓደኞቹም የተገለለ መስሎ በተሰማው ጊዜ የጻፈው ሲሆን፣ ለባንዱ የማይስማማ ለስላሳ ነገር ነው ብሎ ደብቆት ነበር። ሩቢን ደብተሩን ሲያገላብጥ አግኝቶት ለሌሎቹ እንዲያሳያቸው ገፋፋው። በመጨረሻው ላይ የሚዘምሩት የፍሩሻንቴ እናትና ጓደኞቻቸው ናቸው። ለቤዝ ተማሪ ዋናው ነገር መግቢያው ነው፦ ጊታርና ድምፅ ብቻቸውን ሲጀምሩ ቤዙ የለም። እጄን ክሩ ላይ አድርጌ ሳልጫወት መጠበቅ ከማንኛውም ፈጣን ሐረግ ይልቅ ከብዶኝ ነበር፤ አሁን ከአልበሙ ሁሉ የምወደው ቦታ ያ ነው።

አልበሙ ወጥቶ ያገኘው አቀባበል ከቀደምቶቹ ጋር አይወዳደርም። «ማዘርስ ሚልክ» በቢልቦርድ የአልበሞች ሰንጠረዥ 52ኛ ላይ ሲቆም ይህኛው 3ኛ ደረጃ ደረሰ፤ ያውም የኒርቫና «ኔቨርማይንድ» በወጣበት በዚያው ቀን ወጥቶ። «ጊቭ ኢት አወይ» እ.ኤ.አ. በ1993 የግራሚ ሽልማት አገኘ። «አንደር ዘ ብሪጅ» በነጠላ ዜማነት የተመረጠው የኩባንያው ሰዎች በተገኙበት ኮንሰርት ኪዲስ መግቢያው ሲያመልጠው ሕዝቡ በእርሱ ፋንታ መዝፈን በመጀመሩ ሲሆን፣ በ1992 በአሜሪካ ሰንጠረዥ 2ኛ ወጣ። ዝናው ግን ፍሩሻንቴን አስጨነቀው፤ በሜይ 1992 በጃፓን ጉዞ መካከል ባንዱን ለቀቀ፣ የተመለሰውም በ1998 ነው።

ለእኔ አልበሙ ረዝሟል። ወደ 74 ደቂቃ ይጠጋል፤ በሁለተኛው አጋማሽ ሦስት ያህል ሥራዎች ቢቀሩ ቀሪዎቹ ይበልጥ ይደምቁ ነበር። ስለ ወሲብ የሚያወሩት ግጥሞቹም ቤተሰብ ባለበት የሚሰሙ ስላልሆኑ እነዚያን የምለማመደው በማዳመጫ ነው።

ባለፈው ቅዳሜ «ጊቭ ኢት አወይ»ን ከጋሼ ጋር ሳናቋርጥ ተጫወትን። ሲያበቃ ምንም አላሉም፤ ዱላቸውን አንሥተው «እንደገና» ብቻ አሉ። ከ12ኛው ሥራ የመጀመሪያዎቹን ስምንት ባሮች (ሙዚቃው በእኩል ምት የሚከፈልባቸውን ክፍሎች) ይዣለሁ፤ ሜትሮኖሙ ገና 72 ላይ ነው።