እንኳን ለገና አደረሳችሁ! ወርቅ አንጥሮ አልሞተም ስለተባለው ሰውዬ

እንኳን ለብርሃነ ልደቱ በሰላም አደረሳችሁ ወዳጆቼ፣ አገር ቤት ያላችሁም ስደት ላይ ያላችሁም፣ በዓሉን ተረኛ ሆናችሁ ስራ ቦታ የምታሳልፉትም ጭምር።

ዘንድሮ ላወራችሁ የፈለኩት ስለ ፓሪሱ ሰው ስለ ኒኮላ ፍላሜል ነው። ፊልምና የልጆች መጽሐፍ የምትወዱ ስሙን ሳትሰሙት አትቀሩም፣ ተራ ብረት ወርቅ የሚያደርገውን ድንጋይ አገኘ፣ ሞትን አሸንፎ 600 አመት ኖረ የሚባለው ጠቢብ። ተረቱ ሰውዬው በ2 ፍሎሪን፣ በዛን ጊዜ የወርቅ ሳንቲም፣ አንድ 21 ቅጠል ያለው ምስጢራዊ መጽሐፍ ገዛ ይላል፣ ፍቺው ጠፍቶት አመታት ሲለፋ ቆይቶ እስከ ስፔን ሳንቲያጎ ድረስ ለመሳለም ሄዶ ሲመለስ አንድ ክርስትና የተነሳ አይሁዳዊ ሀኪም አግኝቶ ምስጢሩን ፈታለት፣ ከዛ ፓሪስ ተመልሶ ከሚስቱ ከፔርኔል ጋር ሜርኩሪ የሚባለውን ፈሳሽ ብረት መጀመሪያ ብር ቀጥሎ ወርቅ አደረጉት። ልጅ ሆኜ ብሰማው እንቅልፍ አይወስደኝም ነበር። ግን ይሄን የሚያወራው መጽሐፍ የታተመው በፈረንጅ 1612 ነው፣ ፍላሜል ደግሞ የሞተው በ1418።

እውነተኛው ፍላሜል ጸሐፊ ነበር፣ እኛ ቁም ጸሐፊ እንደምንለው፣ ማተሚያ ሳይመጣ መጽሐፍ በእጅ እየገለበጠና እየሸጠ የሚያድር። ፔርኔልን ሲያገባት ሁለት ባል የሞተባት ሴት ነበረች፣ ከነሱ የተረፋት ሀብት ነበራት፣ ልጅ አልወለዱም፣ ያላቸውን ለቤተክርስቲያንና ለድሃ ይሰጡ ነበር። በቃ ወርቁ ይሄው ነው፣ ለኔ ከተረቱ ይበልጥብኛል።

ባለፈው አመት ለስራ ፓሪስ ስሄድ ሞንሞራንሲ መንገድ ላይ ያሰራውን ቤት አየሁት፣ ቁጥር 51፣ በ1407 ያለቀ፣ ከተማው ውስጥ ካሉት የድንጋይ ቤቶች በእድሜ ትልቁ ነው ይባላል፣ አሁን ምግብ ቤት ሆኗል። ያኔ ታች ያሉት ሱቆች ኪራይ እየከፈሉ ላይ ድሆች ይኖሩበት ነበር። ግድግዳው ላይ በድሮ ፈረንሳይኛ የተቀረጸ ጽሑፍ አለ፣ አንድ ወዳጄ አነበበልኝ፣ እዚህ ቤት የምንኖር ሰራተኞች ወንዶችም ሴቶችም እያንዳንዳችን በየቀኑ አንድ አባታችን ሆይ አንድ እመቤታችን ሆይ እንድንል ግዴታ አለብን፣ እግዚአብሔር ለሞቱት ምስኪን ኃጢአተኞች ይቅር እንዲል ነው የሚለው። ኪራዩ ጸሎት ነው ማለት ነው! እዛው መንገድ ላይ ቆሜ እንባዬ መጣ።

ምክንያቱም እኔም እንደዛ ነው የኖርኩት። አዲስ አበባ እንደመጣሁ ስራም ዘመድም ሳይኖረኝ አንዲት እማማ ሰርቪስ ቤታቸውን ሰጡኝ፣ ሁለት አመት ሙሉ አምስት ሳንቲም አልተቀበሉኝም፣ ልክፈል ባልኩ ቁጥር "ተው ልጄ፣ የክርስትና ስሜ ወለተ ማርያም ነው፣ ስትጸልይ አስበኝ" ብቻ ነበር መልሳቸው። እውነት ለመናገር ስራ ይዤ ከወጣሁ በኋላ አመት ሙሉ ያላሰብኳቸው ጊዜ ነበር፣ ይሄ እስካሁን ያሳዝነኛል። እማማ በዚህ ክረምት አረፉ፣ ያለሳቸው የመጀመሪያው ገናዬ ነው።

ፍላሜል የተቀበረበት ቤተክርስቲያን ከፈረንሳይ አብዮት በኋላ ፈርሶ ማማው ብቻ ነው የቀረው፣ ራሱ ያዘጋጀው የመቃብር ድንጋይም አንድ ግሮሰሪ ውስጥ ቅጠል መክተፊያ ሆኖ ተገኘ ይባላል፣ ዛሬ እዛው ፓሪስ ክሉኒ ሙዚየም አለ። የግድግዳው ልመና ግን ይኸው ከ600 አመት በኋላ እኔ ጋ ደረሰ።

ዛሬ ሌሊት ከቅዳሴ ተመልሼ ዶሮው ሳይቀርብ አንድ አባታችን ሆይ ለወለተ ማርያም አልኩ፣ አንድ ደግሞ ለኒኮላና ለፔርኔል። መልካም ገና ይሁንላችሁ!