ለሁለት ቀን

ዛሬ ደብሮኝ ነው የዋለው። ሰው ሲደብረው ኮሜዲ ያያል፣ እኔ ስለ ካትሪና አውሎ ነፋስ የተሠራ ዘጋቢ ፊልም ከፈትኩ። የምታውቁኝ አይገርማችሁም።

ኒው ኦርሊንስ፣ አሜሪካ፣ ነሐሴ 1997። እኛ ስለ ምርጫ ብቻ ስናወራ በከረምንበት ክረምት መሆኑ ነው። ከከተማዋ 80 በመቶው ውሃ ዋጠው። ጥፋቱ የአውሎ ነፋሱ ብቻ አልነበረም። የጦር ሠራዊቱ መሐንዲሶች የሠሩት የጎርፍ መከላከያ ግንብ ውሃው ጫፉ እንኳን ሳይደርስ የተደረመሰበት ቦታ አለ። መኪና የሌለው ከተማው ውስጥ ቀረ። ቀኑም የወር መጨረሻ ነበር፣ ኪስ የሚራቆትበት። ተናደድኩ። ግን ንዴቴ ብዙም አልቆየ፣ ፍሪጆቹ መጡ።

መኪና ያላቸው ሲወጡ የያዙት የሁለት ሦስት ቀን ልብስ ነው፣ ከዚያ በፊትም ወጥተው ተመልሰዋላ! መብራት ጠፋ፣ ሙቀቱ አይጣል ነው፣ ብዙዎቹ ቤታቸውን ያዩት ከሳምንታት በኋላ ነው። ያን ፍሪጅ አንዴ የከፈተ አይደግመውም። በስኮች ጥፍንግ አድርገው አስረው መንገድ ዳር አወጡት። ሰፈሩ ሁሉ ፍሪጅ በፍሪጅ። አንዳንዱ ላይ በቀለም ቀልድ ጽፈውበታል፣ ባለሥልጣን የሰደቡበትም አለ። እዚያው ሰፈር በየቤቱ ፊት ፈላጊ ቡድኖች በስፕሬይ የሳሉት ትልቅ ኤክስ አለ። ከላይ ቀን፣ ከታች ቤት ውስጥ የተገኘ ሬሳ ብዛት። ዜሮ የተጻፈበት ቤት ስንቱን አስለቅሶ ይሆን፣ በደስታ።

እና እኔ ይህን እያየሁ ምን አሰብኩ? የራሴን ፍሪጅ። እማዬ የላከችው ቅቤ አለ፣ አይስክሬም ዕቃ ውስጥ መቼ እንደተሠራ የማላስታውሰው ወጥ አለ፣ በፌስታል የተቋጠረ አንድ ነገር አለ። አሁን ተነስተህ ውጣ፣ ለሁለት ቀን ነው ብባል ቅቤውን ይዤ እሄዳለሁ? ወይስ «ስመለስ» ብዬ እተወዋለሁ? መቼም ለዘላለም ልሂድ ብሎ ቤቱን የሚቆልፍ የለም። ከዓመት በኋላ እንኳን የከተማዋ ሕዝብ ግማሽ ያህሉ ብቻ ነበር ያለው።

ፊልሙን አቁሜ ሄጄ ከፈትኩት። ፌስታሉን ፈታሁ። ወዲያው መልሼ ቋጠርኩት።

ከተማ ሙሉ ሰው ቤቱን ሲያጣ እያየሁ ስለ ወጥ የምጨነቅ ሰው ነኝ እንግዲህ። ፊልሙም እንደቆመ ነው። እኔ አሁን የማስበው በኔ ፍሪጅ ላይ ምን ብዬ እንደምጽፍ ነው። «የላጤ ነው፣ እንዳትከፍቱት» ይበቃል?