የተራበችው ቁንጫ

ስለ ቸነፈር ሲወራ ስሟ የሚጠፋው አይጥ ናት። እኔ ግን የላብራቶሪ ባለሙያ ነኝና ይህን በሽታ የማስበው ከቁንጫዋ ተነስቼ ነው። አይጧማ ራሷ ታማሚ ናት፤ ብዙውን ጊዜ ከሰው ቀድማ የምትሞተውም እሷ ናት።

መንስኤው የርሲኒያ ፔስቲስ የሚባል ባክቴሪያ ነው። ቁንጫ የታመመች አይጥ ስትነክስ ባክቴሪያውን ከደሙ ጋር ትመጠዋለች። እሱም ውስጧ እየተራባ እርስ በርሱ ይጣበቅና ከጨጓራዋ በፊት ያለችውን ጠባብ መተላለፊያ ይደፍናታል። ከዚያ ወዲያ ቁንጫዋ የቱንም ያህል ብትመጥ ደሙ ወደ ሆዷ አይወርድም። ስለራባት ደጋግማ ትነክሳለች፤ በነከሰች ቁጥር የመጠጠችው ደም ከተደፈነው ቦታ ተመልሶ ባክቴሪያውን ይዞ ወደ ንክሻው ይገባል። ባኮትና ማርቲን የተባሉ ተመራማሪዎች ይህን ያሳዩት እ.ኤ.አ. በ1914 ነው። ሳትደፈንም ልታስተላልፍ ትችላለች፤ እኔን የሚደንቀኝ ግን ይሄ ረሃቧ ነው። አይጧ ሞታ ገላዋ ሲቀዘቅዝ ደግሞ ቁንጫዎቹ ትተዋት ሌላ ትኩስ ገላ ይፈልጋሉ፤ አይጥ ካጡ ሰው አለ። አይጦች መርዝ ሳይበሉ በብዛት ሲያልቁ መፍራት የሚገባው ለዚህ ነው።

ወደ ሰው ሲገባ ጨዋታው ይለወጣል። ቁንጫዋ ውስጥ ሙቀቱ ዝቅ ያለ ስለሆነ ባክቴሪያው መከላከያ ሽፋኑን አልሠራም። የሰው ገላ 37 ዲግሪ ነው፤ ሽፋኑን መሥራት የሚጀምረው ይህን ሙቀት ሲያገኝ ነው፤ ግን ጊዜ ይፈጅበታል። በዚህ መሀል ነጭ የደም ሴሎች ደርሰው ይውጡታል። አብዛኛው ተህዋስ ቢሆን ታሪኩ እዚህ ላይ ያበቃ ነበር። ይሄኛው ግን ከዋጡት ሴሎች በአንዳንዶቹ ውስጥ ሳይሞት ይራባል፤ ሲወጣ ሽፋኑን ለብሶ ነው፤ ለሁለተኛ ጊዜ ሊውጡት ቢሞክሩ እሺ አይላቸውም።

ሰፈሩን የሚያደርገው ለንክሻው ቅርብ በሆነው ንፍፊት ነው። እግር ከተነከሰ ብሽሽት ያብጣል፤ እጅ ከሆነ ብብት፤ አንዳንዴም አንገት። ከ1 እስከ 7 ቀን ባለው ጊዜ ውስጥ ሰውየው በድንገት ያተኩሰዋል፣ ብርድ ብርድ ይለዋል፣ ራሱን ያመዋል፣ አቅም ያጣል። እብጠቱ እስከ 10 ሴንቲ ሜትር ሊደርስ ይችላል። ሕመሙ ደግሞ ተራ ቁስል ከሚያመጣው ንፍፊት ጋር አይወዳደርም፤ ታማሚው ብሽሽቱን እንዳይነካበት እግሩን አጥፎ ይተኛል፣ ሐኪሙ እጁን ሲዘረጋ ገና ሳይነካው ይሸሻል። የንክሻው ቦታ ብዙ ጊዜ አይታይም፤ ስለዚህ «ቁንጫ ነክሶሃል ወይ?» ብሎ መጠየቅ እምብዛም አይጠቅም። ይልቅ የሞተ አይጥ አይቶ ወይም ነክቶ እንደሆነ ነው መጠየቅ።

ሕክምና ካላገኘ ከ100 ታማሚ ከ30 እስከ 60 የሚሆነው ይሞታል። ባክቴሪያው ከንፍፊቱ አምልጦ ወደ ደም ሲገባ ከቆዳ ሥር መድማት ይጀምራል፤ የጣትና የአፍንጫ ጫፍ ደም አጥቶ ይጠቁራል። ሳምባ ከደረሰ ደግሞ ደም የቀላቀለ ሳል ይመጣል፤ በቀላሉ ከሰው ወደ ሰው የሚተላለፈውም ያኔ፣ በትንፋሽ ነው። እብጠት ብቻ ያለበት ሰው ግን አጠገቡ ያለውን ሰው የሚያሲዘው ከስንት አንዴ ነው። የሳምባው ዓይነት ካልታከመ የሚተርፍ የለም ማለት ይቻላል።

ይህን ሁሉ ያወቅነው በቅርቡ ነው። እ.ኤ.አ. በ1894 ሆንግ ኮንግ ውስጥ ወረርሽኙ ሲገባ ጃፓናዊው ተመራማሪ ኪታሳቶ ክፍልና አስከሬን ተሰጥቶት ሲሠራ፣ ፈረንሳያዊው ሐኪም አሌክሳንደር የርሲን ግን የሚያስገባው አጥቶ በሣር ጎጆ ውስጥ ማይክሮስኮፑን ተከለ። አስከሬን የሚቀብሩትን መርከበኞች በገንዘብ አግባብቶ ከእብጠቱ መግል ቀዳ፤ ባክቴሪያውንም እዚያው አገኘው። ኪታሳቶ ይበልጥ ያተኮረው ደም ላይ ነበር። ትክክለኛውን ናሙና መምረጥ ከሰፊ ክፍል እንደሚበልጥ ለጀማሪ ባልደረቦቼ ስነግር የማነሳው ይህን ነው። ከአራት ዓመት በኋላ ሌላው ፈረንሳያዊ ሐኪም ፖል-ሉዊ ሲሞን ካራቺ ላይ ቁንጫ የወረራት የታመመች አይጥ በመስተዋት ዕቃ ውስጥ አስገብቶ፣ ጤነኛዋን ደግሞ እንዳይነካኩ በሽቦ ቅርጫት ከበላይዋ አንጠለጠለ። ጤነኛዋም ታማ ሞተች። ለዚህ ያተረፈው ዓመታት የዘለቀ ፌዝ ነበር።

ዛሬ በሽታው አልጠፋም። በብዛት የሚታየው በኮንጎ ዴሞክራቲክ ሪፐብሊክ፣ በማዳጋስካርና በፔሩ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2017 ማዳጋስካር ላይ ከ2,400 በላይ ሰው ተይዞ ከ200 በላይ ሞቷል፤ አብዛኛው የሳምባው ዓይነት ነበር። መድኃኒቱ ብርቅ አይደለም፤ ጄንታማይሲን፣ ስትሬፕቶማይሲን፣ ዶክሲሳይክሊን፣ ሲፕሮፍሎክሳሲን ይሠራሉ። ፔኒሲሊን ግን አይታመንበትም። ችግሩ ሰዓቱ ነው። ባክቴሪያው ላብራቶሪ ውስጥ በምናሳድግበት ሳህን ላይ ቀስ ብሎ ነው የሚያድገው፤ በደንብ እስኪታይ 48 ሰዓት ሊወስድ ይችላል። ስለዚህ ሐኪሙ የእኔን ውጤት መጠበቅ የለበትም፤ ከጠረጠረ ናሙናውን ወስዶ ወዲያው መድኃኒቱን ይጀምር።

እኔ የምለምነው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ጥርጣሬውን በመጠየቂያ ወረቀቱ ላይ ይጻፍልኝ። ባክቴሪያው በማይክሮስኮፕ ሥር ሁለቱ ጫፎቹ ደምቀው፣ መርፌ ቁልፍ መስሎ ይታያል፤ ግን ሌሎችም ባክቴሪያዎች እንዲህ ሊመስሉ ይችላሉ። መለያ ማሽኖቹም አንዳንዴ ከቅርብ ዘመዱ ጋር ያምታቱታል። ወረቀቱ ላይ «ትኩሳት» ብቻ ተጽፎ ከመጣ ሳህኑን እንደ ማንኛውም ናሙና በክፍት ጠረጴዛ ላይ እከፍተዋለሁ። «ቸነፈር ይጠረጠራል» የሚል ካለበት ግን አየሩ ወደኔ እንዳይነፍስ በመከላከያው ካቢኔ ውስጥ ነው የምሠራው፤ ባልደረቦቼንም አስቀድሜ አስጠነቅቃለሁ።