የሚበረውን ማዘዣ ጣቢያ በጣና ካርታ ላይ እንዴት እንደሠራሁትና ምን እንዳስተማረኝ

የአየር ላይ ማዘዣና መቆጣጠሪያ ስኳድሮን ሲባል ብዙ ሰው የሚያስበው ጀርባው ላይ ክብ ሰሃን የተሸከመውን፣ አዋክስ የሚባለውን የራዳር አውሮፕላን ነው። አዋክስ ዓይን ነው። 9 ሜትር ስፋት ባለው ሰሃኑ ውስጥ ያለው ራዳር በየ10 ሰከንዱ አንድ ዙር እየዞረ በሰማይ የሚንቀሳቀሰውን ይለቅማል። እኔ ባሕር ዳር ላይ በካርታ የሚሠራ የጠረጴዛ ልምምድ ያዘጋጀሁበት አውሮፕላን ግን ሌላ ነው። የአሜሪካ አየር ኃይል ኢሲ-130ኢ የሚለው፣ በሆዱ የጦር ሜዳ ማዘዣ ክፍል ይዞ የሚበር ባለ 4 ሞተር አውሮፕላን ነው። ጦር ሜዳውን የሚያሳይ ራዳር አልነበረውም፤ የሚያውቀው በሬዲዮ የተነገረውን ብቻ ነው። ጆሮና መዝገብ ነበር፤ ከነዚህ በላይ ደግሞ እዚያው ሆኖ የመወሰን ሥልጣን የተሰጠው መኮንን ተቀምጦበታል። ይህን ልዩነት ሰው ወንበር ላይ ተቀምጦ ሲሠራው ነው በትክክል የሚገባው፤ ልምምዱን ያዘጋጀሁትም ለዚሁ ነው።

ነገሩን የወለደው ተራራ ነው። እ.ኤ.አ ከ1950 ጀምሮ በኮርያ ጦርነት ቲ-6 የሚባሉ ትንንሽ አውሮፕላኖች ከግንባሩ በላይ እየዞሩ ተዋጊ ጄቶችን ወደ ዒላማ ይመሩ ነበር። ሸንተረሩ በእነሱና በምድር ማዘዣው መካከል የሬዲዮ ድምፅ እየቆረጠ ስላስቸገረ፣ ሬዲዮ የተጫነበት ሲ-47 ከፍ ብሎ እየዞረ መልእክት እንዲያቀብል ተደረገ፤ መጠሪያው «ሞስኪቶ ሜሎ» ነበር። ያ አውሮፕላን ያቀብላል እንጂ አይወስንም። ውሳኔው የተጨመረበት በቬትናምና በላኦስ ጦርነት ነው። 7ኛው የአየር ላይ ማዘዣና መቆጣጠሪያ ስኳድሮን እ.ኤ.አ በ1968 ሥራ ጀመረ፤ መቀመጫው በታይላንድ ኡዶርን፣ ኋላም ኮራት ነበር። በደቡባዊ ላኦስ ሰማይ የቀኑ ተረኛ «ሂልስቦሮ»፣ የሌሊቱ «ሙንቢም» ይባላል። በሰሜኑ የቀኑ «ክሪኬት»፣ የሌሊቱ «አሊካት» ነው። አብራሪው ስሙን ሲሰማ የትኛው አካባቢና የትኛው ፈረቃ እንደሆነ ወዲያው ያውቃል። ይህን አሰያየም ለልምምዱ እንዳለ ወስጄዋለሁ።

ማዘዣ ክፍሉ ከአውሮፕላኑ የሚነጠል ሣጥን ነበር። የመጨረሻው ዓይነት ርዝመቱ 12 ሜትር፣ ክብደቱ 9 ቶን ገደማ ሲሆን 15 የሥራ መቀመጫና 23 ሬዲዮ ነበረው። በሐዲድ ተንሸራትቶ ይገባል፣ ይወጣል። መሣሪያው ብዙ ሙቀት ስለሚያመነጭ አውሮፕላኑ ከውጭ ሁለት ተጨማሪ ማቀዝቀዣዎች ተገጥመውለታል። ተነቃይነቱ ለሌላም ሥራ ውሏል። እ.ኤ.አ በሚያዝያ 1980 ኢራን ውስጥ ታግተው የነበሩትን አሜሪካውያን ለማውጣት በተሞከረው ዘመቻ ሣጥኖቹ ወጥተው በምትካቸው ትልልቅ የነዳጅ ከረጢቶች ገቡ። በረሃው ላይ አንድ ሄሊኮፕተር ከአንዱ ኢሲ-130 ጋር ተጋጭቶ 8 ሰዎች ሞተዋል። ስኳድሮኑ በኋላ በሌላ ቁጥር ተተካ፤ እ.ኤ.አ ከ1994 ጀምሮ በአሪዞና የሚገኘው 42ኛው ስኳድሮን ሥራውን ያዘ። እሱም እ.ኤ.አ በ2002 ተዘጋ።

ሌላው የቤተሰቡ አባል «ሉኪንግ ግላስ» ነው። እ.ኤ.አ ከየካቲት 3 ቀን 1961 እስከ ሐምሌ 24 ቀን 1990 ድረስ ያለማቋረጥ አየር ላይ የቆየ የኒውክሌር ጦር ማዘዣ ነበር፤ ጄኔራል ሳይሳፈርበት አይበርም። እዚህ የማነሳው ለፈረቃ ርክክቡ ሲባል ብቻ ነው፤ ወደ መጨረሻው እመለስበታለሁ።

ለልምምዱ ጦርነት አላስፈለገም። በጣና ላይ ድንገት ማዕበል ተነሥቶ በዘጌ፣ በደቅና በደልጊ መካከል ታንኳዎች ጠፉ፣ 8 የሞተር ጀልባዎች ለፍለጋ ወጡ የሚል ሁኔታ ጻፍሁ። ከሐይቁ መካከል በላይ አንድ የማዘዣ አውሮፕላን እየዞረ እንደሆነ ታሰበ። ለምን አውሮፕላን እንደሚያስፈልግ ተሳታፊዎቹ በራሳቸው እጅ እንዲያሰሉ አደረግሁ፤ ይህን ክፍል ማንም እንዳይዘልለው እመክራለሁ።

ስሌቱ አጭር ነው። የአንቴናውን ከፍታ በሜትር ውሰዱ፣ ስኩዌር ሩቱን አውጡ፣ በ4.12 አባዙ፤ የሚገኘው ሬዲዮው የሚደርስበት አድማስ ነው፣ በኪሎ ሜትር። ለሁለቱም ወገን አስሉና ደምሩ። በባሕር ዳር ዳርቻ የቆመ ሰውና ጀልባ ላይ ያለ ሰው የእጅ ሬዲዮአቸውን 2 ሜትር ላይ ቢይዙ ድምሩ 12 ኪሎ ሜትር አይሞላም። ጎርጎራ በቀጥታ መስመር 70 ኪሎ ሜትር ገደማ ትርቃለች። በሁለቱም ዳርቻ 30 ሜትር ምሰሶ ቢተከል እንኳ የሚደርሰው 45 ኪሎ ሜትር ነው፤ ምክንያቱም ሐይቁ ጠፍጣፋ መስሎ ቢታይም በመካከሉ በምድር ክብነት፣ የሬዲዮ ሞገዱ በአየር ውስጥ የሚጎብጠው ተቀንሶለት፣ 72 ሜትር ያህል «ያብጣል»። አውሮፕላኑ ከባሕር ወለል 7,600 ሜትር፣ ማለትም ከጣና ውኃ 5,800 ሜትር ከፍ ብሎ ሲዞር ግን 2 ሜትር ላይ ያለውን ያንኑ የእጅ ሬዲዮ እስከ 320 ኪሎ ሜትር ድረስ ማዳመጥ ይችላል።

እዚህ ላይ ሰው የሚሳሳተው ተራራውን ይረሳና ነው። ጉና ወደ 4,100 ሜትር ከፍታ አለው፤ ከሐይቁ መካከል 107 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። አውሮፕላኑ 7,600 ሜትር ላይ ከሆነ ከጉና ጀርባ 3,000 ሜትር ከፍታ ያለው መሬት ለ45 ኪሎ ሜትር ያህል ጥላ ውስጥ ይወድቃል። አውሮፕላኑን ወደ 5,500 ሜትር ካወረድነው ጥላው ማለቂያ የለውም። የጉናን ጫፍ ታክኮ የሚያልፈው መስመር ወደ ታች ሲወርድ ምድርም በክብነቷ ከሥሩ እየራቀች ስለምትሄድ ከዚያ ወዲያ ከ3,900 ሜትር በታች ፈጽሞ አይወርድም። 2,100 ሜትር ከፍታ ማጣት ከአድማሱ ላይ የቀነሰው 63 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ነው፤ ከተራራው ጀርባ ግን ሁሉንም ወሰደ። የኮርያ ሸንተረርም ያመጣው ችግር ይኸው ነበር።

(የእውነተኛ ሬዲዮ ሙከራ ለማድረግ የሚያስብ ካለ፦ ፈቃድ አስቀድሞ ያውጣ፤ ማለዳ ውኃው እንደ መስተዋት ሲረጋ ደግሞ ከውኃው የሚነጥረው ድምፅ በቀጥታ የሚመጣውን ሊያጠፋው እንደሚችል ይወቅ። አንቴናውን አንድ ሁለት ሜትር ከፍ ወይም ዝቅ ማድረግ ብዙ ጊዜ ይፈታዋል።)

ካርታውን በ1 ለ100,000 አሳተምሁት። ሐይቁ 84 በ66 ኪሎ ሜትር ስለሆነ ኤ1 ወረቀት አይበቃም፤ ኤ0 ያስፈልጋል። ላዩን በወፍራም ላስቲክ ሸፍኜ በየ10 ሳንቲ ሜትሩ መስመር አሰመርሁ፤ 9 ረድፍ በ7 ዓምድ፣ 63 ሳጥን። መጀመሪያ ዓምዶቹን በፊደል ሰይሜ ነበር፤ ስህተት ነው። በድምፅ ብቻ ሲነገር ሀ፣ ሐ እና ኀ አንድ ናቸው፤ ሰ ከሠ፣ አ ከዐ፣ ጸ ከፀ አይለይም። ተ ከጠ እንኳ በመጥፎ መስመር ይደበላለቃል። ዓምዶቹን በእህል ስም ቀየርኋቸው፦ ጤፍ፣ ዳጉሳ፣ ኑግ፣ ገብስ፣ ሽምብራ፣ ባቄላ፣ ማሽላ። «ዳጉሳ 6» ያለ ሰው አይሳሳትም። የቦታ ስምን ብቻውን መቀበል ከለከልሁ፤ «ኪዳነ ምሕረት አጠገብ» ቢባል በሐይቁ ዙሪያ ስንት ኪዳነ ምሕረት አለ!

ሰዎቹ 12 ነበሩ። ስድስቱ «አውሮፕላኑ» ውስጥ፣ በር በተዘጋ ክፍል፦ ኃላፊ፣ ሥራ መዳቢ፣ ካርታ ያዥ፣ መዝገብ ያዥ፣ ሁለት ሬዲዮ ተቀባይ። አራቱ በሌላ ክፍል እያንዳንዳቸው 2 ጀልባ ይዘዋል፤ አንዱ የባሕር ዳርን ወደብ ነዳጅና አምቡላንስ ይወክላል፤ አንዱ ዳኛ ነው። ለሬዲዮ የቴሌግራም የድምፅ መልእክት ተጠቀምሁ፤ ተጭኖ መናገርና ለቅቆ ማዳመጥ ከእውነተኛው ሬዲዮ ጋር ይቀራረባል። ኔትወርክ ከጠፋ መልእክቱ በወረቀት ይጻፍና ተላላኪ ይወስደዋል። ሁሉም ዕቃ በአንድ ካርቶን ተጠቅልሎ ወደ ሌላ ክፍል መሄድ እንዲችል አደረግሁ፤ ሐሳቡ የተወሰደው ከተነቃዩ ሣጥን ነው።

መልእክት ሁሉ አራት ነገር ይይዛል፦ ማን፣ የት፣ ምን፣ መቼ። ተቀባዩ መልሶ ያነብባል፤ ላኪው «ትክክል» ሳይል መዝገብ አይገባም። የመጀመሪያው ግማሽ ሰዓት መልእክት በየ2 ደቂቃው ይምጣ፤ ከዚያ ዳኛው ወደ 40 ሰከንድ ያጥብበው። ችግሩ ሁሉ የሚወጣው ያኔ ነው።

የባሰው ሰዓት ነበር። «በ8 ሰዓት ደቅ ላይ እንገናኝ» ሲባል አንዱ ከቀትር በኋላ ብሎ ያዘው፣ ሌላው ስልኩ ላይ 8፡00 የሚለውን ጠዋት ተመለከተ። የአሜሪካ ጦር ይህን የሚያመልጠው ሁሉንም በአንድ የዓለም ሰዓት በማስላት ነው። የእኛ ጠዋት 3 ሰዓት በስልክ 09፡00፣ በዓለም ሰዓት 06፡00 ነው። ለልምምዱ የመረጥሁት ባለ 4 አሃዙን የስልክ ሰዓት ነው፤ «ዜሮ ዘጠኝ ዜሮ ዜሮ» ተብሎ ይነገራል። ዋናው ነገር ሁሉም አንዱን መያዛቸው ነው። ግድግዳው ላይ የነበረውን በእኛ አቆጣጠር የተሞላ ሰዓት አወረድሁት፤ ዓይን ሳያስበው ወደሱ ይሄዳልና።

ሁለተኛው ችግር አንድ ጀልባ ለሁለት ሥራ መታዘዙ ነው። ሁለቱ ሬዲዮ ተቀባዮች ለመርዳት ሲሉ በየፊናቸው አዘዙ። መፍትሔው ካርድ ሆነ። ለእያንዳንዱ ጀልባ አንድ ካርድ፤ ላዩ ላይ የነዳጅ ሊትር፣ የሚይዘው ሰው፣ ያለበት ሳጥን፣ ቀጣይ ሪፖርት የሚያደርግበት ሰዓት ይጻፋል። ካርዱ ከሥራ መዳቢው እጅ ካልወጣ ትእዛዝ አይወጣም። በእጅ የሚያዝ አንድ ካርድ ሁለት ቦታ ሊሆን አይችልም፤ ስክሪን ላይ የተጻፈ ስም ግን ይችላል። ስለዚህ ኮምፒውተር ቢኖርም ካርዱ እንዳይቀር እላለሁ።

ሦስተኛው ዓይን የሌለው ጆሮ መሆኑ ነው። እ.ኤ.አ ግንቦት 15 ቀን 1975 በካምቦዲያ ኮህ ታንግ ደሴት ላይ የወረዱት የአሜሪካ ባሕር ወለድ ወታደሮች በተከበቡ ጊዜ የማዘዣ አውሮፕላኑ ርቆ እየዞረ ደሴቱን ማየት አይችልም ነበር፤ ከሩቅ ያሉ አለቆችም መልእክት ያበዙበት ነበር። ከቀትር በኋላ ኦቪ-10 የሚባሉ ቀላል ቃኚ አውሮፕላኖች ደርሰው በቅርብ እያዩ የአየር ድጋፉን መምራት ሲጀምሩ ነው ነገሩ መልክ የያዘው። በልምምዱም ማዘዣው ክፍል እያንዳንዱን ጀልባ «ትንሽ ወደ ግራ» እያለ ለመምራት ሲሞክር ሬዲዮው ታነቀ። ከዚያ በኋላ በየአካባቢው አንድ ጀልባ የቅርብ አስተባባሪ ተደረገ። ማዘዣው የሚወስነው የትኛው ጀልባ ወደ የትኛው አካባቢ ይሂድ፣ ለነዳጅ መቼ ይመለስ፣ አምቡላንስ የት ይጠብቅ የሚለውን ብቻ ሆነ። የበላይ አካል በቀጥታ ጀልባ ላይ እንዳይደውልም በሕግ አስገባሁት፤ ወደ ማዘዣው ኃላፊ ብቻ ይደውላል።

የመጨረሻው ርክክብ ነው። ፈረቃው 90 ደቂቃ ነበር፤ ሁለተኛው ቡድን ገብቶ የመጀመሪያው ወዲያው ተነሥቶ ሲሄድ በእጅ ያልተጻፈው ሁሉ አብሮ ሄደ። ሪፖርት ያላደረገች ጀልባ ለ12 ደቂቃ ማንም አልፈለጋትም፤ ሁሉም ሌላው የሚያውቅ መሰለው። ሉኪንግ ግላስ ለ29 ዓመታት ሳይቋረጥ የቆየው ተተኪው አየር ላይ ወጥቶ ሥራውን ሳይረከብ ያለው ስለማይወርድ ነበር። እኔም ለሁለቱም ቡድን የ15 ደቂቃ መደራረብ ሰጠሁ። በመጀመሪያው 5 ደቂቃ አዲሱ ዝም ብሎ ያዳምጣል። በሚቀጥለው 5 ካርዶቹን አንድ በአንድ ጮክ ብሎ ያነብባል፣ አሮጌው ያርመዋል። በመጨረሻው 5 አዲሱ ይሠራል፣ አሮጌው ከኋላው ይቆማል። ከዚያ የጥሪው ስም በሬዲዮ ይቀየራል፤ «ሂልስቦሮ» ወጥቶ «ሙንቢም» ሲገባ እያንዳንዱ ጀልባ ስሙን ጠርቶ ይመልሳል። ስምንቱም ሳይመልሱ የቀድሞው ቡድን ከወንበሩ አይነሣም።